ዘሪቱና የሚስ ኦዲል ደብተሮች

ዘሪቱ ሲያትል ውስጥ፣ ቢከን ሂል በሚባለው ሰፈር ጎረቤቴ ነበረች። ድሬዳዋ ተወልዳ ያደገች ሰው በመሆኗ ማንንም «አንቱ» አትልም። በዕድሜ አባቷ የምሆነውን እኔን እንኳ «አንተ፣ ና እስቲ ስማኝ» እያለች ደረጃ ላይ ታስቆመኝ ነበር። መጀመሪያ ቅር ይለኝ ነበር፤ የቤተ ክርስቲያናችንን ቄስም እንደዚያው ስታናግራቸው ካየሁ በኋላ ግን ተውኩት። እንግሊዝኛ አንቱና አንተን የማይለይ ቋንቋ መሆኑን ስታውቅ በጣም ተመቻት።

በፈረንጆች 1996 ከባሏ ከመንግሥቴና ከአሥራ አንድ ዓመት ልጃቸው ከሳሮን ጋር በዲቪ ዕጣ ሲያትል ስትገባ ሠላሳ ስምንት ዓመቷ ነበር። ድሬዳዋ ሳለች በምድር ባቡር የጭነት ክፍል ጸሐፊ ሆና አሥራ ስምንት ዓመት ሠርታለች። የባቡሩ የሥራ ቋንቋ ፈረንሳይኛ ስለነበር ስለ ሚዛን፣ ስለ ዘገየ ዕቃ፣ ስለ ተሰበረ ፉርጎ ማንኛውንም ነገር በፈረንሳይኛ መጻፍ ትችላለች። ከዚያ ውጭ ላለው ነገር ፈረንሳይኛዋ ብዙም አይራመድም። ያም ሆነ ይህ ሲያትል ውስጥ የፉርጎ ፈረንሳይኛ የሚፈልግ ስላልተገኘ የጥቂት ሳምንት ኮርስ ወሰደችና አረጋውያንን በየቤታቸው እየሄደች የምትረዳ ሠራተኛ ሆነች። መንግሥቴ ዳውንታውን የሰው መኪና ፓርክ እያደረገ ይተዳደራል።

በ1997 ጸደይ ላይ መሥሪያ ቤቷ ሴንትራል ዲስትሪክት ሰፈር፣ ከቼሪ መንገድ ገባ ብሎ ወዳለ አረንጓዴ የእንጨት ቤት ላካት። የቤቱ ባለቤት ሚስ ኦዲል ፎንቴኖ ይባላሉ። ሰማንያ አምስት ዓመታቸው ነው። ዓይናቸው ከደከመ ቆይቷል፣ ጉልበታቸውም አልፎ አልፎ ነው የሚታዘዛቸው፤ ምላሳቸው ግን ሙሉ ጤነኛ ነበር። ከዘሪቱ በፊት የተላኩላቸውን አራት ረዳቶች አባርረዋል።

በመጀመሪያው ቀን ዘሪቱ የዶሮ ሾርባ ሠርታ አቀረበችላቸው። አንድ ማንኪያ ቀመሱና ሳህኑን ገፋ አደረጉት።

«ማን ሞቶ ነው ይህን የሠራሽው?» አሏት።

«ጨው ቀንሺ ብለውኛል።»

«ጨው ቀንሺ ነው ያሉሽ። ሕይወት ቀንሺ አላሉሽም። ነይ፣ ወንበሩን ወደ ምድጃው አስጠጊልኝ።»

ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው እሷን ማዘዝ ጀመሩ። ዱቄት በዘይት ይታመስ፣ እሳቱ አይብዛ፣ ማማሰያው አይቁም። ዘሪቱ ምን እየሠራች እንደሆነ አታውቅም። ዱቄቱ እየጠየመ ሲሄድ «ደርሷል?» ብላ ጠየቀች። ሚስ ኦዲል ቅላት የሚያጠቃው ክንዳቸውን ዘረጉና «የኔን ክንድ ሲመስል ገና ነው። ያንቺን ክንድ ሲመስል አውርጂው» አሏት። ዘሪቱ ክንዷን ከድስቱ አጠገብ ይዛ እያስተያየች አማሰለች። ሽንኩርት ገባ፣ ቃሪያ ገባ፣ ዶሮው ገባ፣ በመጨረሻም ሚስ ኦዲል ከማቀዝቀዣው ውስጥ አንድ ፌስታል አስወጧት። በውስጡ ባምያ ነበር።

የባምያው መዓዛ ሲነሣ ዘሪቱ ማማሰሏን አቆመች።

«አያቴ ይህን ትሠራ ነበር» አለች፤ አለችና ራሷ ደነገጠች። «ባምያውን ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ አድርቃ፣ ወቅጣ። ሰፈር ውስጥ ከኛ ቤት በቀር ማንም አይበላውም ነበር። ልጆች ይስቁብን ነበር።»

«ከየት ነበረች አያትሽ?»

ዘሪቱ ድስቱን ማማሰል ቀጠለች። ሚስ ኦዲልም ደግመው አልጠየቋትም። ጋምቦ የሚባለውን ያን ወጥ ግን ሁለት ሳህን በሉ፣ በማግስቱም ወደ መሥሪያ ቤቱ ኮል አድርገው «ይህችን ሴት እንዳትወስዱብኝ» አሉ።

ዘሪቱ ለምን ዝም እንዳለች እኔ ያወቅኩት ከዓመት በኋላ ነው። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለች ከአንዲት ልጅ ጋር ገመድ ዝላይ ላይ ተጣልታ ልጅቷ «የባሪያ ዘር» ብላ ሰደበቻት። እቤት ገብታ አባቷን «እንደዚህ ማለት ምንድን ነው?» ብላ ጠየቀች። እጁን በልጆቹ ላይ አንሥቶ የማያውቀው አባቷ በጥፊ መታት፣ ወዲያው ደግሞ እንባው መጣ። «እኛ የጎጃም ሰዎች ነን። በቃ» አለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ዘሪቱ ማንም ሲጠይቃት የጎጃም ሰው ናት። ነገሩን በግማሽ ታውቀዋለች፣ ሌላውን ግማሽ ማወቅ አልፈለገችም።

የሚስ ኦዲል ነገር ግን ሌላ ሆነባት። ሴትየዋ ስለ ባርነት የሚያወሩት ሰው ስለ አገሩ ዝናብ እንደሚያወራው ነበር። አያታቸው ሰለስቲን ሉዊዚያና ውስጥ በሸንኮራ አገዳ እርሻ ላይ በባርነት ተወልዳ እስከ አሥራ ሰባት ዓመቷ ድረስ የጌቶቹን ምግብ ስትሠራ ኖራለች። ኦዲል የአሥራ አራት ዓመት ልጅ በሆኑ ጊዜ አያትየዋ አጠገብ ተቀምጠው የምትነግራቸውን ሁሉ በሦስት የትምህርት ቤት ደብተር ጽፈውታል። በ1943 በቦይንግ ፋብሪካ አውሮፕላን ሊሠሩ በባቡር ወደ ሲያትል ሲመጡ ሻንጣቸው ውስጥ ሁለት ቀሚስና ሦስቱ ደብተሮች ነበሩ።

አንድ ቀን ደብተሮቹን አስወጧትና ጉልበታቸው ላይ አድርገው ዳበሷቸው።

«ማንበብ አልችልም አሁን» አሉ። «የወንድሜ ልጅ አንትዋን ደግሞ የተጻፈበትን ክሪዮል ሲሰማ ይገባዋል እንጂ ማንበብ አልተማረም። እኔ ስሞት ይህ ሁሉ ወረቀት ነው የሚሆነው።»

ዘሪቱ አንዱን ደብተር ገለጠች። በልጅ እጅ የተጻፈ፣ ቀለሙ ቡናማ የሆነ ጽሕፈት ነው። ዓይኗን ጠበብ አድርጋ አየችው። ቃላቱን ታውቃቸዋለች፤ የምታውቃቸው ግን ልብስ ቀይረው መንገድ ላይ እንዳገኘቻቸው ሰዎች ነበር።

«ሞ ቴ አሲ» ብላ አነበበች።

ሚስ ኦዲል ቀና አሉ። «ምን አልሽ?»

«ተቀመጥኩ ማለት ነው አይደል? ግን ስህተት ነው። ዠ ሜ ስዊ አሲዝ መባል አለበት።»

«እሱ የባቡር ጣቢያ ነው» አሉ ሚስ ኦዲል። «አያቴ ባቡር አልነበረችም። ቀጥዪ።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሥራ ከጨረሰች በኋላ ሁሌም ታነብላቸዋለች። እሷ በምድር ባቡር ፈረንሳይኛ ትደናበራለች፣ እሳቸው ያርሟታል፣ አንዳንዴ ደግሞ አነባበቧ በጣም ሲያስቃቸው መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ይጠርጋሉ። ክሪዮል ምን እንደሆነ ያስረዷት ያኔ ነው።

«ከየአገሩ ተነጥቀው የመጡ ሰዎች ናቸው» አሏት። «አንዱ የሌላውን ቋንቋ አይሰማም። ስለዚህ ከጌቶቻቸው ቃል ሰረቁ፣ የራሳቸውን አጥንት ሰጡት፣ ለልጆቻቸው አወረሱት። ጌቶቹ የተበላሸ ፈረንሳይኛ ይሉታል። አያቴ ደግሞ የዳነ ፈረንሳይኛ ትለው ነበር። ፋብሪካው ውስጥ ቆዳዬን እያዩ ነጭ ነሽ ወይስ ጥቁር እያሉ ሲጠይቁኝ ክሪዮል ነኝ እላቸው ነበር። ፎርሙ ላይ ቦታ የለውም ይሉኛል። ቦታ አድርጉለት እላቸዋለሁ።»

ዘሪቱ ስለ ድሬዳዋ ነገረቻቸው። ገበያ ላይ አንድ ሰው ዋጋውን በኦሮምኛ ጠይቆ፣ በሶማልኛ ተከራክሮ፣ በአማርኛ ተስማምቶ፣ በዓረብኛ እንደሚያመሰግን፤ ባቡሩ የሚቆምበትን ቦታ ደግሞ ሁሉም በፈረንሳይኛው «ለገሀር» እንደሚለው።

«ይኸው፣ ክሪዮል ነሻ» አሏት ሚስ ኦዲል። «እኔም ከባምያው ጠርጥሬ ነበር።»

የበጋው ዕረፍት ሲመጣ ሳሮንን የሚይዝ ሰው ስላልነበረ ዘሪቱ ሚስ ኦዲልን አስፈቅዳ ይዛት መሄድ ጀመረች። ሳሮን ያኔ አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው፤ በአማርኛ ሲያናግሯት በእንግሊዝኛ የምትመልስ፣ አሰልቺ ነገር ሲበዛባት ትከሻዋን የምትነቀንቅ ልጅ። ለሁለት ቀን ቴሌቪዥን አየች። በሦስተኛው ቀን እናቷ ስታነብ ሚስ ኦዲል በእንግሊዝኛ ትርጉሙን ሲናገሩ ሰማችና መጥታ ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

የዚያን ቀን የተነበበው ስለ ነፃነት ቀን ነበር። በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት የሰሜን ወታደሮች መጡ፣ ጌቶቹ ሸሹ። ሌሎቹ ባሪያዎች ጨፈሩ፣ ጸለዩ፣ ወደ መንገድ ሮጡ። ሰለስቲን ግን ወደ መመገቢያ ክፍል ገባች። አሥራ ሰባት ዓመት ሙሉ በዚያ ክፍል ውስጥ ስትቆም እንጂ ስትቀመጥ አታውቅም። የእመቤቲቱን ወንበር ሳበች። «ከሁሉ በፊት ተቀመጥኩ» ይላል ደብተሩ። «ከዚያ የራሴን ጋምቦ ቀድቼ እስክጠግብ በላሁ። ጨው አንሶት ነበር። ጨመርኩበት። ከዚያ ሄድኩ።»

ሳሮን ደብተሩን ከእናቷ እጅ ወስዳ አየችው። ቀጥላም በእንግሊዝኛ «ይህን ማንም ታይፕ አላደረገውም?» ብላ ጠየቀች።

«ማን ያደርገዋል?» አሉ ሚስ ኦዲል።

«እኔ አደርገዋለሁ።»

ሦስቱ እንዲህ ሆነው በጋውን ሙሉ ሠሩ። ዘሪቱ ክሪዮሉን ታነባለች፣ ሚስ ኦዲል ይተረጉማሉ፣ ሳሮን ትጽፋለች፤ ትምህርት ሲከፈት ደግሞ በትምህርት ቤቷ ኮምፒውተር ትገለብጠዋለች። ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረው ሁለት ደብተር አለቀ። ሦስተኛውን የጀመሩ ዕለት ሳሮን አውቶቡስ ውስጥ ወደ እናቷ ዞራ «ማሚ፣ የኛ ደብተርስ የት ነው ያለው?» አለቻት።

«የኛ ምን ደብተር?»

«የሚስ ኦዲል አያት አላት። የኛ አያት ምን ሆና ነበር? ስሟ ማን ነው?»

ዘሪቱ የሚወርዱበትን ፌርማታ አሳለፈችው። ከቤታቸው ብዙ ርቀው ወርደው በእግራቸው ተመለሱ።

በዚያው ሳምንት እሁድ፣ ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ዘሪቱና መንግሥቴ ሰፈራችን ባለው የልብስ ማጠቢያ ቤት ውስጥ አንሶላ ያጥፉ ነበር። እሱ አንዱን ጫፍ ይዟል፣ እሷ ሌላውን። መንግሥቴ የአዲስ አበባ ልጅ ነው፤ ዘመዶቹ ሰባት ቤት ቆጥረው የሚኮሩ ሰዎች ናቸው።

«አንድ ነገር ልንገርህ» አለችው። «አያቴ፣ የአባቴ እናት፣ ባሪያ ነበረች።»

መንግሥቴ አንሶላውን አልለቀቀም። «አውቃለሁ» አለ።

«ምን ታውቃለህ?»

«ከሠርጋችን በፊት አጎቴ ሰው ልከው አስጠንተው ነበር። ጠርተው ነገሩኝ።»

«እና?»

«እናማ ቀለበቱን ገዝቻለሁ አልኳቸው።»

ዘሪቱ ትክ ብላ አየችው። «አሥራ አራት ዓመት ሙሉ ለምን ዝም አልክ?»

«የማታውቂ መስሎኝ። ማን ነገረኝ ብዬ ልጀምር? አንቺስ?»

«የማታውቅ መስሎኝ።»

አንሶላው በመሃላቸው እንደተወጠረ መሳቅ ጀመሩ። መጀመሪያ እሷ፣ ከዚያ እሱ፤ ሳቁ አልቆም አለ። አጠገባቸው ልብስ ታጥፍ የነበረች ፊሊፒናዊት ጎረቤታችን ምን እንደሆነ ሳታውቅ አብራቸው ሳቀች። ዘሪቱ እንደነገረችኝ ከሆነ ከሠርጓ ቀን ይልቅ ያን ቀን ነው መንግሥቴን ያገባሁት የሚል ስሜት የተሰማት።

ቀጣዩ ቅዳሜ ጠዋት የስልክ ካርድ ገዝታ ድሬዳዋ ደወለች። አክስቷ ሰኪና፣ የአባቷ ታናሽ እህት፣ ነጋዴ አግብታ የሰለመች፣ ከአያቲቱ ልጆች በሕይወት ያለች ብቸኛዋ ናት። ዘሪቱ ጥያቄውን አነሣችባት።

«አቦ ዘሪቱ፣ ይህን የምትጠይቂኝ ለምንድን ነው?» አለች ሰኪና። «አባትሽ አደራ ብሎኝ ነው የሞተው።»

«ልጄ ጠየቀችኝ፣ አክስቴ። ዝም ካልኳት እኔም በጥፊ እንደመታኋት ነው።»

ሰኪና በረጅሙ ተነፈሰች። ከዚያ መናገር ጀመረች፤ ከጀመረች በኋላ ደግሞ ካርዱ እስኪያልቅ ድረስ አላቆመችም። ዘሪቱ ሌላ ካርድ ገዛች። ሦስት ቅዳሜ ወሰደባቸው።

የአያትየዋ ስም ኪሻ ነበር። ከዓባይ ማዶ ቆላ ውስጥ ተወልዳ ሰባት ዓመት ገደማ ሲሆናት ከእናቷ ጋር ባምያ ስትለቅም ፈረሰኞች መጡ። እናቷን ከዚያ በኋላ አላየቻትም። ጎጃም ገበያ ላይ ተሸጣ አንድ ፊታውራሪ ቤት ገባች። «ኪሻ» ለአፋቸው ስላልተመቸ «እልፍነሽ» ብለው ስም አወጡላት። እዚያ ቤት አሥራ ሦስት ዓመት እህል ፈጨች፣ ውሃ ቀዳች። ጣልያን ሲገባና ቤቱ ሲበተን ማንም «ነፃ ነሽ» ሳይላት፣ እሷም ማንንም ሳትጠይቅ በሩን ከፍታ ወጣች። አዲስ አበባ ስትደርስ ባቡር አየች። ይህ ነገር የሚሄድበት ሁሉ ድረስ እሄዳለሁ አለች፣ የቋጠረችው ገንዘብ ግን ድሬዳዋ ድረስ ብቻ አደረሳት።

«ድሬ ላይ ምን እንዳደረገች ታውቂያለሽ?» አለች ሰኪና፣ ድምፅዋ ሲቀየር ዘሪቱ ሰማችው። «አህያ ገዛች። ውሃ እያመላለሰች ልትሸጥ። አህያውን ፊታውራሪ ብላ ሰየመችው።»

«ምን አልሽ?»

«ፊታውራሪ። ዕድሜ ልኳን በከዚራ ሰፈር እየነዳችው ‘ሂድ ፊታውራሪ፣ ዛሬ ውሃ የመቅዳት ተራው ያንተ ነው’ ትል ነበር። አንድ የመንግሥት ሹም ሰምቶ ሊያሳስራት ቢል ‘ጌታዬ፣ ማዕረጉን ሥራው ነው ያሰጠው’ አለችው። ሹሙ እስኪያስለው ሳቀ።»

ዘሪቱ ስልኩን ዘግታ ይህን ለሳሮን ስትነግራት ልጅቷ በሳቅ መሬት ላይ ተንከባለለች። ወዲያው የሒሳብ ደብተሯን ገለበጠችና በመጨረሻው ገጽ ላይ «ኪሻ» ብላ በአማርኛ ፊደል ጻፈች። ፊደሉን እኔ ቅዳሜ ቅዳሜ ሳስተምራት ዓመት ሙሉ ያላዛጋችበት ቀን አልነበረም። ያን ቀን ግን እኔ ቤት መጥታ «ፊታውራሪ» እንዴት ይጻፋል ብላ ጠየቀችኝ።

መስከረም 1998 ሚስ ኦዲል ሰማንያ ሰባት ዓመት ሞላቸው። አንትዋን፣ ከቦይንግ ጡረታ የወጣው የወንድማቸው ልጅ፣ የደብራቸውን የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ተከራየ። ሳሮን የደብተሮቹን ትርጉም ስልሳ ኮፒ አድርጋ በስቴፕለር መትታዋለች። ሚስ ኦዲል ለዘሪቱ ሰዎችሽን ሁሉ ጥሪ ስላሏት እኛም ሄድን፤ እኔ፣ ታክሲ የሚነዳው አሰፋ፣ በኢትዮጵያውያን ማኅበራችን ውስጥ የትውልድ ሐረግ በማጥናት የሚታወቁት ወይዘሮ የውብዳር፣ ሌሎችም አሥር የምንሆን ሰዎች።

ሉዊዚያና ውስጥ ጋምቦው በሌላ ነገር ይሠራ ይሆናል፤ እዚህ የገባበት የሲያትል ሸርጣን ነው። ባምያውን ዘሪቱ ጃክሰን መንገድ ላይ ካሉት የቬትናም ሱቆች ገዝታ ራሷ ከትፋዋለች። አንትዋን አኮርዲዮን ተጫወተ። ምግብ ሲያበቃ ዘሪቱና ሳሮን ቆመው ማንበብ ጀመሩ፤ እናት በክሪዮል፣ ልጅ በእንግሊዝኛ። በሦስተኛው ዓረፍተ ነገር ላይ ሚስ ኦዲል አቋረጧት፣ አንትዋን ደግሞ እሳቸውን አቋረጠ፤ በአንድ ቃል አነጋገር ተከራከሩ። ከኋላ ወንበር አንድ ሽማግሌ ተነሥቶ ሁለታችሁም ተሳስታችኋል አላቸው፣ በክሪዮል። አንዲት ሴት ለእሱ መለሰችለት፣ በክሪዮል። ለብዙ ዓመት ያን ቋንቋ ጮክ ብለው ያልተናገሩ ሰዎች በየጠረጴዛው ሲጨቃጨቁበት ሚስ ኦዲል እጃቸውን ሆዳቸው ላይ አድርገው እየሰሙ ተቀመጡ። ደስታቸው ከሩቅ ይታይ ነበር።

ንባቡ ሲያልቅ ጭብጨባ ሆነ። ዘሪቱ ልትቀመጥ ስትል ሚስ ኦዲል «አሁን ያንቺን» አሏት።

ይህ በፕሮግራሙ ላይ አልነበረም። ዘሪቱ ወደ እኛ ጠረጴዛ ተመለከተች። ወይዘሮ የውብዳርን አየች፣ አሰፋን አየች፣ እኔን አየች። መንግሥቴ ራሱን ነቀነቀላት። ማይኩን ይዛ በዚያ በድሬዳዋ ድምፅዋ «የአባቴ እናት ስሟ ኪሻ ነው» ብላ ጀመረች። በእንግሊዝኛ ነበር የምትናገረው፤ አህያው ጋ ስትደርስ ግን ወደ አማርኛ ገባች፣ ሳሮን መተርጎም ነበረባት። ሳሮን ከዚያ በፊት አማርኛ በሰው ፊት ተርጉማ አታውቅም። «ፊታውራሪ»ን «ጄኔራል» አለችው፣ አዳራሹ ሙሉ በሳቅ ፈነዳ። አንትዋን በአኮርዲዮኑ የአህያ ድምፅ አወጣ። እኔም ሽማግሌው ሰው እንደ ልጅ ሳቅኩ።

ሁሉም አልሳቀም። ወይዘሮ የውብዳር ነጠላቸውን አስተካክለው ቀድመው ሄዱ፤ ከዚያ በኋላ ለጥቂት ወራት ዘሪቱን ቤተ ክርስቲያን ሲያገኟት ሰላምታቸው በጣት ጫፍ ሆነ። ዘሪቱ «አንቺ የውብዳር፣ አመመሽ እንዴ?» እያለች እየተከተለች ትስማቸው ነበር። በፋሲካ ሰሞን ተሸነፉ።

አሰፋ ግን ከአዳራሹ እንደወጣን በረንዳው ላይ ዘሪቱን ጠብቋት ነበር። ረጅምና ዝምተኛ ሰው ነው።

«እኔ ላስታ ነው ያደግሁት» አላት። «በአያቴ ቤት ነበሩ። ሦስት ናቸው። ባለቤቶቹ እኛ ነበርን ማለቴ ነው።» ቀጠለ። «አንዷ እኔን በጀርባዋ አዝላ ያሳደገችኝ ናት። ማንም ስለነሱ አያወራም። ስማቸውን ብነግርሽ ልጅሽ ትጽፈው ይሆን?»

ዘሪቱ ኋላ እንደነገረችኝ መጀመሪያ የመጣባት ቁጣ ነበር። ከዚያ ግን ሰውየው ኮፍያውን አውልቆ በሁለት እጁ እንደያዘ አየች።

«አንተ ራስህ ትጽፋለህ» አለችው። «ሳሮን ደብተር ትሰጥሃለች። የምታስታውሰውን ሁሉ ጻፍ፣ ምን ያስቃቸው እንደነበረም ጭምር።»

ጻፈም። በገና ሰሞን አሥራ አንድ ገጽ ይዞ መጣ። ከእሱ በኋላ ሁለት ሴቶች፣ አንደኛዋ ከከፋ ሌላዋ ከወላይታ፣ በየተራ ደረጃችንን ወጥተው የዘሪቱን በር አንኳኩ። እሷ ሻይ ታፈላላቸዋለች፣ ሳሮን እስክሪብቶዋን ይዛ ትቀመጣለች። የልጅቷ አማርኛ በዚያ ክረምት ከአፏ ሞልቶ ፈሰሰ፤ የከፋዋን አነጋገር ከድሬው ጋር፣ የኔን ሰዋስው ከእንግሊዝኛዋ ጋር ደባልቃ፣ «ሶ እትዬ፣ ከዛስ ምን ፊል አደረጋችሁ?» እያለች ትጠይቃለች። እኔ ላርማት አፌን ስከፍት ዘሪቱ በዓይኗ ታቆመኛለች።

በ1999 ሐምሌ መንግሥቴና ዘሪቱ ከሲያትል ዳር፣ ስካይዌይ ላይ ትንሽ ቤት ገዙ። ጓሮ ያለው ነው። የቤት ምረቃው ቀን አሰፋ በታክሲው ሄዶ ሚስ ኦዲልን አመጣቸው። በተሽከርካሪ ወንበራቸው ሆነው በሣሩ ላይ ሲገቡ ልጆቹ «እማማ ኦዲል» እያሉ ከበቧቸው። ሠፈሩ ሁሉ እየጨፈረ ነበር። አንዲት ሕፃን እስክስታ እያሳየቻቸው መጣች፤ ሚስ ኦዲል ዓይናቸው ብዙ ስለማያይ ትከሻዋን በእጃቸው ዳስሰው አነቃነቁን አጠኑ። ከዚያ ሻላቸውን ወደ ኋላ ጣሉና ትከሻቸውን ጀመሩ። አንዴ ወደ ግራ፣ አንዴ ወደ ቀኝ፣ ቀጥሎ ሁለቱንም።

«ይህን ማን አስተማረሽ?» አለቻቸው ዘሪቱ በጆሯቸው።

«ማን ያስተምረኛል?» አሉ ሚስ ኦዲል፣ ሳያቋርጡ። «ዝም ብለሽ አንድ ሳህን ምግብ አምጪልኝና አንቺም ተቀመጪ።»